ታጥቦ የተጠጣው ደብዳቤ

አንድ አገር ፈጥሬ ነበር። የፈጠርኩት ተራቅቄ አይደለም፤ ተማሪዎቼን እንቅልፍ ስለጣላቸው ነው።

ዘመኑ ደርግ ነው። የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በየገጠሩ ሲዳረስ እኔም ከአሸተን ማርያም ግርጌ ባለች መንደር አስተማሪ ሆኜ ተመደብኩ። አሥራ ሁለተኛን ገና መጨረሴ ነበር። የምናስተምረው በበዓል ቀን፣ ከሰዓት በኋላ ነው፤ በሬ የማይጠመደው ያን ቀን ነዋ። ከገበሬ ማኅበሩ አዳራሽ አንድ ሳንቃ አንስተን፣ ካለቀ የባትሪ ድንጋይ ውስጥ በሚወጣው ጥቁር ዱቄት ቀብተን ሰሌዳ አደረግነው። ሰዎቹ የሚመጡት ቅዳሴ ቆመው፣ ጠላ ቀምሰው ነው። እኔ «ሀ ሁ» ስል ግማሹ ያንኮራፋል። ስቆጣ ደግሞ አፌ ልጓም የለውም፤ አባት የሚሆኑኝን ሰዎች ስንቴ እንዳስቀየምኩ እግዜር ይወቀው።

አንድ ቀን ቢቸግረኝ፣ «ከላስታ ተራሮች ወዲያ አንድ አገር አለ» አልኩ። እዚያ አገር ያለው ነገር የተጻፈው ብቻ ነው። ወንዝ ብለው ሲጽፉ ወንዝ ይወርዳል። ጸሐፊው ሰነፍ ሆኖ የአንዱን ፊደል እግር ካሳጠረ ያን ቀን አንካሳ ጥጃ ይወለዳል። ዝናብ የቀረ እንደሆነ ሕዝቡ ጠመኔ ይዞ ገደል ላይ ይወጣል። ማንኮራፋቱ ቆመ። ከዚያ ወዲያ ያለዚያ አገር ትምህርት የለም ሆነ። ጥያቄውም በዛ፤ እዚያ ግብር አለ ወይ? ሴት ትጽፋለች ወይ? የተጻፈ ሰው ይሞታል ወይ?

«ካልጠፋ አይሞትም» አልኩ። መልስ አላጣም ነበር።

ከሁሉ ይበልጥ አፌን አፌን የሚያዩኝ አንዲት እናት ነበሩ። አንድ ልጃቸው ለብሔራዊ ውትድርና ተወስዷል። ፊደል ሊቆጥሩ የመጡትም ደብዳቤው ሲመጣ ራሳቸው ሊያነቡት ነው። የማኅበሩ ጸሐፊ ደብዳቤ ሲያነብ ወንዝ ማዶ ይሰማል፤ የሰው ምስጢር በማግሥቱ ገበያ ውሎ ይገባል። «የልጄን ቃል እኔ ልስማው እንጂ ገበያው ይስማው?» ይሉ ነበር።

እኚህ እናት ናቸው፣ «እዚያ አገር ፊደል ያልለየ ሰው ደብዳቤ ቢመጣለት ምን ያደርጋል?» ብለው የጠየቁኝ። ልጅ ሆኜ፣ ደብተራው ለታመመ ሰው ጸሎት ጽፎ በጠበል አጥቦ ሲያጠጣው አይቻለሁ። እሱ ትዝ አለኝና፣ «አጥቦ ይጠጣዋል። ቃሉ ሆዱ ይገባል፤ የጻፈለትም ሰው መንገዱ ይቀናዋል» አልኩ። ተሳቀ። እሳቸው አልሳቁም፤ እኔ ግን ልብ አላልኩም።

ደብዳቤው በክረምቱ መግቢያ መጣ። ከማድርበት ቤት ድረስ ይዘውት መጥተው፣ «ልጄ፣ እስቲ ቀስ ብለሽ፣ ለኔ ብቻ» አሉኝ። ሪፖርት ዘገየ ተብዬ ከወረዳ ተቆጥተውኝ፣ እሱን እየጻፍኩ ነበር። «ይኼን ሁሉ ጊዜ ተምረው እኔን ያስነብባሉ? ይሂዱና ራስዎ ያንብቡት!» አልኳቸው። ነጠላቸውን ሰብስበው ወጡ። ያን ጊዜ ተነሥቼ ባነብላቸው ምን ነበረበት?

በማግሥቱ ማርያም ነበረችና ክፍል መጡ። ከንፈራቸው ወይን ጠጅ ሆኗል። አመማቸው ብዬ ደነገጥኩ።

«ስሙን አነበብኩት» አሉኝ፣ ፊታቸው በርቶ። «የቀረው አልገባ አለኝ። የአሸተንን ጠበል ቀዳሁና አጥቤ ጠጣሁት።»

ወረቀቱን ከጉያቸው አውጥተው አሳዩኝ። ልጁ የጻፈው ውሃ ሲነካው ወይን ጠጅ በሚሆነው እርሳስ ነው። አንድ ፊደል እንኳ አልቀረም።

«ምን አደረጉ!» ብዬ ጮህኩ።

«አንቺ አይደለሽ ያልሽው?» አሉኝ ግራ ገብቷቸው። የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም።

የጎረቤታቸው ልጅ ከልጃቸው ጋር አንድ ጦር ውስጥ ነበር። እናቱም በዚያው ሰሞን ደብዳቤ ደርሷቸው፣ በጸሐፊው አስነብበው፣ እሷም ደርሷታልና ትከተለኛለች ብለው፣ ሌሊቱን ዳቦ ቆሎ ቋጥረው ወልድያ ሄደው ኖሯል። ጦሩ ወደ ሰሜን ከማለፉ በፊት ሦስት ቀን እዚያ ያርፋል፣ ድረሺ ይል ነበር ደብዳቤው። ሲመለሱ ለብቻዬ ጠሩኝ። «የሷ ልጅ ሦስቱንም ቀን መንገዱን ሲያይ ዋለ። ምን ብዬ ልንገራት?» አሉኝ። እባክዎ አይንገሯቸው ብዬ እግራቸው ላይ ወደቅሁ።

በሚቀጥለው በዓል እኚያ እናት፣ «ልጄ ምን ብሎኝ ይመስልሻል?» ሲሉኝ ዓይናቸውን ማየት አቃተኝ። ወደ ሰሌዳው ዞሬ፣ ጥጉ ላይ «እመጣለሁ» ብዬ ጻፍኩ። በጣታቸው እየተከተሉ፣ ፊደል በፊደል አነበቡት። በሕይወታቸው ከልጃቸው ስም ሌላ ያነበቡት የመጀመሪያው ቃል ነው። «አታጥፊው» አሉኝ። አላጠፋሁትም። እዚያ በቆየሁበት ጊዜ ሁሉ ያስተማርኩት በተረፈው ሰሌዳ ላይ ነው። ጠመኔው ሲደበዝዝ ማንም ሳያየኝ አደምቀው ነበር። ውሸታም መሆኔን በየበዓሉ አነበው ነበር።

የጎረቤታቸው ልጅ በምርኩዝ ተመለሰ። ብቻውን ነበር።

ለቅሶው አልፎ፣ እኚያ እናት ጥቁር ለብሰው ክፍል መጡ። ትምህርቱ እስኪያልቅ ተቀመጡ። ሌሎቹ ሲወጡ የሰሌዳ መጥረጊያውን ጨርቅ ውሃ ውስጥ ነክረው ወደ ሰሌዳው ሄዱ።

«ካልጠፋ አይሞትም ብለሽን ነበር» አሉ፣ ጥጉን እየጠረጉ። «እሱ ግን ሞተ፣ ልጄ።»

«ዋሽቼዎታለሁ፤ ደብዳቤው ወልድያ ድረሺ ነበር የሚለው» አልኩ እያለቀስኩ።

«አውቃለሁ። ጎረቤቴ ከወልድያ የመጣች ለት ነገረችኝ። ከኔ ልትደብቅ ኖሯል?»

«ታዲያ ለምን አታጥፊው አሉኝ?»

«አንቺም የሰው ልጅ ነሽ። ያን ጊዜ ማወቄን ብነግርሽ በምን አንጀትሽ ትችይዋለሽ ብዬ ነው።»

ጨርቁን ጨምቀው በሩ ላይ አሰጡትና ወደ ቤታቸው ሄዱ።