ከልባሱ በታች ያለው

የመመረቂያ ጽሑፌን ላስረክብ ዐሥር ቀን ሲቀረኝ ላፕቶፔን ይዤ ቡሬ አጠገብ ያለው አባቴ ቤት ገባሁ። ለምን እንደመጣሁ አልጠየቁኝም፤ እኔም አልተናገርኩም። አማካሪዬ፣ «ስሌትህ ከተለካው ውጤት ጋር ካልገጠመ ዘንድሮ አትመረቅም» ብሎኛል፤ ከመሥሪያ ቤቴ ያገኘሁት የትምህርት ፈቃድም የሚያበቃው ዘንድሮ ነው።

ስሌቱ ስለ ወረቀት ነው። የመጽሔት ሽፋን የሚሆነው የሚያብረቀርቅ ወረቀት ላዩን ነጭ ልባስ ይቀባና በሁለት ከባድ ሮለሮች መካከል ተጨፍልቆ ይለሰልሳል። ሲጨፈለቅ ምን ያህል እንደሚሳሳ ኮምፒውተሩ ቀድሞ እንዲነግረኝ ነበር የምደክመው። እሱ የሚሰጠኝ ቁጥር ግን በእውን ከተለካው ግማሹን እንኳ አይደርስም። ልባሱን በስሌት አለሰልሰዋለሁ፣ አጠነክረዋለሁ፤ ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ።

አባቴ ጤፍ ሊወቁ አውድማ እያሰናዱ ነበር። መሬቱን በውሃ አርሰው፣ በከብት አስረግጠው፣ ላዩን በእበት ለቅልቀዋል። አንድ ጥግ ላይ ፍልፈል ጉድጓድ ስለከፈተ እሱን እንድደፍን ሰጡኝ። ተማርኩ ባይ አይደለሁ፤ ደረቅ አፈር ሞላሁበትና ወፈር ያለ እበት ለቀለቅኩበት። ሲደርቅ ከሁሉም የኔው ጥግ ያምር ነበር።

በሦስተኛው ቀን በሬዎቹ ማበራየት ሲጀምሩ አንደኛው የኔን ጥግ ረገጠና እግሩ ስርጉድ አለ። ጤፉ ከአፈር ተቀላቀለ። አባቴ ጎንበስ ብለው አዩት።

«እበቱን ከዚህም ማወፈር ነበረብኝ» አልኩ ቀድሜ።

«እበቱ ምን አደረገህ ልጄ? አፈሩን ሳትረግጠው።»

የተሰበረውን የእበት ቅርፊት አነሳሁ። አልሳሳም፤ ውፍረቱ ያው ነው። የሰመጠው ከሥሩ ያለው አፈር ነው። እኔ ደግሞ በስሌቴ ከልባሱ ሥር ያለውን ወረቀት እንደማይበገር ብረት ቆጥሬ ጫናውን ሁሉ ልባሱ ላይ ጥዬ ነበር። ወረቀት እኮ መሃሉ አየር ነው፤ ሲጫኑት ይሰምጣል፣ ሰምጦም እንደነበረ አይመለስም። ስንት ወር ሙሉ ልባሱን በከንቱ ስወነጅል ኖሬያለሁ። በራሴ ተናደድኩ፤ ወዲያው ደግሞ ሳቄ መጣ።

አፈር የነካውን ጤፍ ለየን፤ ጉድጓዱንም በውሃ አርሼ ደህና አድርጌ ረገጥኩት። በማግስቱ ጠዋት መደብ ላይ ተቀምጬ ላፕቶፔን ከፈትኩና በስሌቱ ውስጥ ወረቀቱ እንዲሰምጥ ፈቀድኩለት። የስሌቱ መስመር በተለኩት ነጥቦች ላይ ተኛ። ደገምኩት፤ አሁንም ገጠመ። እፎይ አልኩ።

አውድማ ወርጄ፣ «አባባ፣ ዘንድሮ ልመረቅ ነው» አልኳቸው።

«አትመረቅም ብለውህ ኖሯል?»

የሆነውን ሁሉ ነገርኳቸው። መንሹን ከእጃቸው ጣሉት።

«ይኸው ነው በቃ? እኔ እኮ ፊትህን አይቼ ሰው ገድለህ የመጣህ መስሎኝ፣ ልጠይቅህ ፈርቼ ስንት ቀን እንቅልፍ አጣሁ» አሉና ገለባው ላይ እግራቸውን ዘርግተው ተቀመጡ።