ለቅሶ የሌለበት አገር

ወንድሜ የሞተው እኔ ካምቦዲያ ውስጥ ድንጋይ ስጎበኝ ነው። ይህን ከመጀመሪያው መናገሬ ያለ ምክንያት አይደለም። እኔን ለቀናት ደብቀውኛል፤ የሚያነበኝን ሰው ግን ለአንድ ገጽ እንኳ መደበቅ አልፈልግም።

የሚያንገበግበኝ ደግሞ መርዶ የእኔ ሥራ መሆኑ ነው። ደመወዝ የለውም እንጂ ሥራ ነው። ቶሮንቶ ውስጥ ከምናውቃቸው ሰዎች ለአንዱ ከአገር ቤት የሞት ወሬ ሲመጣ መጀመሪያ የሚደወለው ለእኔ ነው። የሰውየውን ሺፍት አጣራለሁ፤ ከሥራ ገበታው ላይ ያለ ሰው አይረዳምና። ጎህ ሳይቀድ ሰው እሰበስባለሁ። መኪናችንን ራቅ አድርገን እንድናቆም አስጠነቅቃለሁ። አፓርትመንት ከሆነ አሥራ አምስት ነጠላ ያዘቀዘቀ ሰው በአንድ ሊፍት እንዲወጣ አልፈቅድም፤ የሊፍቱ ደወል በዚያ ሰዓት ሲደጋገም የተኛ ሰው ይነቃል። ስለዚህ አንድ ፎቅ ዝቅ ብለን እንወርድና የቀረውን በእግራችን እንወጣለን። ጉልበቱ የሚያመው ያማርራል። ያማርር!

ምልክቶቹንም አውቃቸዋለሁ፤ አብዛኞቹን ያስተማርኩት እኔ ነኝ። መርዶ የተደበቀበትን ሰው ስልኩን ሰበብ ፈልጎ የሚወስድበት አለ። ሻይ የሚያበዛለት አለ። ሁሉም ይታዘዘዋል፤ የሚከራከረው ሰው ግን ድንገት ይጠፋል።

የተረዳ ሰው ከጩኸቱ በኋላ የሚጠይቀው ጥያቄ አንድ ነው፤ «መቼ?» ለዚህ ደግሞ የእኔ መልስ «ቅርብ ነው» የሚል ነበር። ፓርክዴል የሚኖር አንድ ሰው እናቱ የሞተችው በሠርጉ ሰሞን ነበርና፣ ድግሱ እስኪያልፍ ይዘን ቆየን። ስናረዳው «መቼ?» አለኝ። «ቅርብ ነው» አልኩት። እሱ ግን ቆይቶ ለአገር ቤት ሰዎች ደውሎ አጣራ። ከዚያ በኋላ ቤተ ክርስቲያን ስንገናኝ አንገቱን ነቅነቅ አድርጎልኝ ያልፋል እንጂ አያናግረኝም። ውለታ ቢስ አልኩት በሆዴ። ሠርጉን ያተረፍኩለት እኔ!

አንዲት ልጅ አለችኝ። እዚሁ የተወለደች ናት፤ አርክቴክት ቢሮ ትሠራለች፤ በአማርኛ ስጠይቃት እንግሊዝኛ እየቀላቀለች ትመልሳለች። በዚህ የመርዶ ነገር ስንት ጊዜ ተጨቃጭቀናል። «ማሚ፣ እኮ ውሸት ነው! ሰውየው ራይት አለው» ትለኛለች። እኔም «አንቺ ፈረንጅ፣ ይሄ አይገባሽም» እላታለሁ። በዚህ እንለያያለን።

ከትምህርት ቤት አውቶቡስ ሹፌርነቴ ጡረታ ስወጣ አዲስ አበባ ሄጄ ወንድሜ ዘንድ ልከርም አስቤ ነበር። ወንድም ጋሼ ነው የምለው። አባታችን ሲሞት ትምህርቱን አቋርጦ ያሳደገኝ እሱ ነው። በሱዳን በኩል እንድወጣ መንገዱን ያበጀልኝም እሱ ነው፤ ራሱ ግን ቀረ። ልጄ ሐሳቤን ስትሰማ ሳቀች። «አዲስ ከሄድሽ ከለቅሶ ወደ ለቅሶ ነው የምትሄጂው። አንድ ጊዜ ለቅሶ የሌለበት አገር ልውሰድሽ» አለችኝ። ካምቦዲያ ያሉትን የጥንት የክሜር መቅደሶች ለማየት ትምህርት ቤት ሳለች ጀምሮ ትመኝ ነበር። ለሁለታችን ብቻ አስጎብኚና መኪና ያለው የሦስት ቀን ጉብኝት ያዘች።

ለወንድም ጋሼ ደውዬ ከርሞ እመጣለሁ ብዬ ነገርኩት። ቅር ይለዋል ብዬ ፈርቼ ነበር። «ሂጂ እንጂ! እኔ እንደሆነ የትም አልሄድ» አለኝ።

የመጀመሪያው ቀን ደስ ይል ነበር፤ አልዋሽም። አስጎብኚው በእኔ ዕድሜ ያለ፣ ቀጭን፣ ሰፊ ባርኔጣ የሚያደርግ ሰው ነው። ከአንዱ ሕንጻ በወጣን ቁጥር ከበረዶ ሣጥን ውስጥ ጠጅ ሣር ጠጅ ሣር የሚል ቀዝቃዛ ፎጣ እያወጣ ይሰጠናል። ትልቁ መቅደስ ፊት ስንቆም እኔ አላስቻለኝም። «እኛም አገር የድንጋይ ቤተ መቅደስ አለን። እናንተ ወደ ላይ ካባችሁ እኛ ወደ ታች ፈልፍለናል» አልኩት። እሱም ሳቀና «ታዲያ ማዳም፣ የትኛው ይከብዳል?» ብሎ ገጠመኝ። ልጄ «ማሚ፣ ኮምፒት አታድርጊ!» ትላለች። ሙቀቱ ለጉድ ነው፤ ደረጃው ግድግዳ ነው ማለት ይቀላል። ቢሆንም እንደ ፍየል ወጣሁት።

ያን ዕለት ማታ ሆቴል ሆነን የልጄ ስልክ ጮኸ። በረንዳ ወጥታ ቆየች። ስትመለስ ፊቷን ታጥባለች። «ወርክ ነው» አለችኝ። የደወለችው ክርስትና እናቷ ነበረች፤ እዚሁ ኢስት ዮርክ ጎረቤቴ ናት፤ ሰው ስናረዳም ከጎኔ የማትጠፋ ጓደኛዬ። ምን እንዳለቻት በኋላ ሰማሁ። «አጎትሽ አርፏል። አደራ፣ እናትሽ እዚያ በሰው አገር እንዳትሰማ። ቤቷ ስትገባ እኛ እናረዳታለን» ነው ያለቻት። እኔ የማስተምረውን ነው፣ ቃል በቃል።

በማግስቱ ጠዋት ልጄ «ማሚ፣ ሮሚንጉ ኤክስፔንሲቭ ነው፤ ፎንሽን እኔ ልያዘው» አለችኝ። ሰጠኋት። ለስንት ሰው ይህንኑ ሰበብ ያበጀሁ ሴት፣ ስልኬን አውጥቼ በእጄ ሰጠኋት። ጭራሽ ለገንዘቤ አሰበችልኝ ብዬ መረቅኋት።

ያን ቀን የማይታዘዘኝ አልነበረም። ኮፍያዬን አስተካክላ ታደርግልኛለች፤ ውኃውን ከፍታ ታቀብለኛለች። ሾርባው ጨው በዝቶበታል ስል «አዎ» አለች፤ ሾርባው እኮ ምንም አልነበረውም! አስጎብኚውም ተለውጧል። የድንጋዩን ነገር ደግሜ ባነሳበት «ልክ ነሽ፣ ማዳም» ብሎ ዘጋው። ለሱም ነግራዋለች ለካ። እኔ ሰውየውን ሰለቸነው አልኩ። ልጄ ግን በሳል ሆነች አልኩ። ሰው የሚመኘውን ሲያገኝ አይጠረጥርም።

ከሰዓት በኋላ ዛፍ የዋጠው መቅደስ ሄድን። ሥሮቹ ግንቡን አንቀው ይዘውታል፤ ዛፉ ቢቆረጥ ግንቡ ይፈርሳል፤ ካልተቆረጠም ቀስ ብሎ ያፈርሰዋል ይላል አስጎብኚው። እዚያ ስደርስ ወንድም ጋሼ ትዝ አለኝ። ከእሱ ጋር ቢሆን ይህንን ግቢ ለመጨረስ ሳምንት ይፈጅብን ነበር አልኳቸው። ወንድም ጋሼ እየሄደ መናገር አይችልም። እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ጥቂት ይራመድና ቆም ይላል፤ ዞር ብሎ ጣቱን ያነሳል፤ ነገሩን ሳይጨርስ እግሩን አያነሳም። ከቤታችን እስከ ገበያ ድረስ ስንቴ እንደሚቆም የሰፈሩ ሰው ይስቅበት ነበር። ይህን እየነገርኳቸው ተነስቼ እሱን መሥራት ጀመርኩ። እጄን አጣምሬ በድንጋዩ መንገድ ላይ ሄድኩ፤ ቆምኩ፤ ጣቴን አነሳሁ። የሱን ድምፅ አውጥቼ «ቆይ፣ ቆይ፣ ላስረዳሽ!» አልኩ። እንባዬ እስኪመጣ ሳቅሁ። «አንሺኝ! ለሱ ላኪለት፤ እንዲህ ሆነሽ ቀረሽ ወይ ብሎ ይስቅብኝ» አልኳት።

ልጄ ስልኩን አንስታ ፎቶ አነሳችኝ። ፊቷን አላየሁም፤ ብርሃኑ ዓይኔ ላይ ነበር። አስጎብኚው ፊቱን አዙሮ ወደ በረዶ ሣጥኑ ሄደና እዚያው ቆየ። ባለጌ አልኩት።

በሦስተኛው ቀን ወደ ትልቁ መቅደስ ተመልሰን የግድግዳውን ቅርጽ አየን። ረጅም ነው። ዳኛው ጎሽ ላይ ተቀምጦ በሙታን ላይ ይፈርዳል፤ ከሥሩ ኃጥአን በአፍንጫቸው ገመድ ገብቶ ይጎተታሉ። አስጎብኚውን ወላጆችህ በሕይወት አሉ ወይ አልኩት። እንዲሁ ለወግ ነው የጠየቅሁት። ልጅ ሳለ፣ በእልቂቱ ዘመን፣ ታጣቂዎች አባቱን ወሰዱበት። «ለስብሰባ ነው አሉን። መጥቶ ሞቷል ያለን ሰው የለም። ቀኑን አላውቅም» አለ። የሙታን በዓላቸው ሲደርስ አንድ ቦታ አይበቃውም፤ ሩዝ ተሸክሞ ከአንዱ ገዳም ወደ ሌላው ይዞራል፤ አባቱ የቱ ጋ ቆሞ እንደሚጠብቀው ስለማያውቅ። «ቀኑን ብቻ ቢነግሩኝ» አለ።

እግዚአብሔር ያጽናህ አልኩት በእንግሊዝኛ እየተረጎምኩ። በልቤም፣ መርዶ የሚያረዳው ወገን ያጣ ሕዝብ እንዴት ያሳዝናል፣ እኛ በዚህስ ታድለናል አልኩ። ልጄ ተነስታ ወደ መኪናው ሄደች። ሙቀቱ ነው አልኩ።

ቶሮንቶ ስንገባ ልጄ ብሉር ወዳለው ቤቷ መሄድ ሲገባት እኔ ጋ አደረች። እንደ ልጅነቷ አልጋዬ ላይ አብራኝ ተኛች። ሽርሽሩ ልጄን መለሰልኝ ብዬ አምላኬን አመሰገንኩ።

ጎህ ሳይቀድ የሊፍቱ ደወል ቀሰቀሰኝ። አንዴ ጮኸ። ትንሽ ቆይቶ ደገመ። ሠለሰ። ክርስትና እናቷ ጉልበቷን ስለሚያማት ደረጃውን ትተውት በቀጥታ መጡ። ልጄ ከአጠገቤ የለችም፤ በሩን ልትከፍት ተነስታለች። የጫማ አወላለቅ ይሰማኛል። እንደዚያ ቀስ ብሎ ጫማ የሚወልቀው ለምን እንደሆነ ከእኔ የተሻለ የሚያውቅ ሰው ቶሮንቶ ውስጥ የለም። አልጋው ላይ ቁጭ አልኩና «ማነው?» አልኩ። ማን መጣ ማለቴ አይደለም።

«ወንድምሽ» አለች ክርስትና እናቷ።

የጮኽኩትን አላወራም። ሲደክመኝ ግን እኔም እንደ ሰው ሁሉ ጠየቅሁ፤ «መቼ?» አልኩ። ክርስትና እናቷ እጄን ይዛ «ቅርብ ነው እህቴ፣ ቅርብ ነው» አለች።

«ቱዝደይ ሞተ» አለች ልጄ ከወጥ ቤቱ በር ላይ። «ዌንስደይ ቀበሩት። በካምቦዲያ ሰዓት ፎር ኦክሎክ አካባቢ። ዛፎቹ ጋ ነበርን።»

«ዝም በይ አንቺ! እንዲህ አይባልም!» ብላ ክርስትና እናቷ ጮኸችባት። ልጄ ግን ያለችውን ብላዋለች። የጨው ገደል ሲናድ ሞኝ ይልሳል፣ ብልህ ያለቅሳል ይባላል። ወንድሜን ሰው ተሸክሞት ሲሄድ እኔ እጄን አጣምሬ የሱን አካሄድ እየሄድኩ፣ ግንቡ ሳቄን እያስተጋባ፣ «ላኪለት» እያልኩ ነበር። ያ ፎቶ አሁንም ስልኳ ውስጥ አለ።

ጠላኋት። ሌላ ቃል የለውም። ደብቃ አሳቀችኝ፣ ነግራ ደግሞ ሳቄን አመድ አደረገችው። ፍራሽ ላይ ተቀምጬ ሰው ሲገባና ሲወጣ፣ እሷ ሻይ ስታዞርልኝ ከእጇ አልቀበልም ነበር።

በሦስተኛው ቀን ያ የፓርክዴሉ ሰው መጣ። ሌላው ሁሉ ያለውን አላለም። አጠገቤ ተቀመጠና ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣

«ምን እያደረግሽ ነበር?» አለኝ።

ይህንን ማንም አልጠየቀኝም ነበር። «እየሳቅሁ» አልኩት። «እሱን እየሠራሁ እስቅ ነበር።»

«እኔ እጨፍር ነበር» አለ።

«አውቃለሁ» አልኩት። ከዚያም፣ «ቀኑን ግን እንኳን አወቅሁ። ለአንተም ያን ጊዜውኑ መናገር ነበረብኝ» አልኩት።

ልጄ ሻይ በትሪ ይዛ መጣች። ሰውየው ብርጭቆውን ተቀብሎ መሬት ላይ አስቀመጠና ተነስቶ ቆመ። ሁለት እጇን ከነትሪው ይዞ፣ «አንቺንም እግዚአብሔር ያጽናሽ። አጎትሽ ነው» አላት።

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ቤቱ ሦስት ቀን ሙሉ ሰው ሞልቶ ሲውል እሷን ያጽናሽ ያላት የለም። በየበዓሉ ስልክ ላይ የምትኮላተፍለት፣ «ቆይ ላስረዳሽ» እያለ አማርኛ ያስተማራት አጎቷ ነበር። እሱ ሲሞት ብቻዋን በረንዳ ላይ ሰምታ፣ ፊቷን ታጥባ፣ ኮፍያዬን ስታስተካክል ሰነበተች። መርዶ አርጂ አያለቅስም፤ ይህንንም ደንብ ያወጣሁት እኔው ነኝ።

ትሪው ከእጇ ወደቀ። ልጄ ከተወለደች ጀምሮ እንዲያ ስትጮህ ሰምቻት አላውቅም፤ ጎረቤት በሩን ከፍቶ ወጣ። ከፍራሹ ላይ ጠጋ አልኩላትና ከጎኔ አስቀመጥኳት።