የሚያዘነብለው ምስል

ሥራዬ የድሮ ምስል ማፈላለግ ነው። ፊልም ሠሪዎች «ይህ መንገድ ከሃያ ዓመት በፊት ምን ይመስል ነበር?» ሲሉኝ፣ ያን ጊዜ የተቀረጸ ካሴት ፍለጋ የሰው በር አንኳኳለሁ። ካሴቱ አብዛኛውን ጊዜ የሚገኘው ቁም ሣጥን ውስጥ፣ ከብርድ ልብስ ሥር ነው። ባለቤቶቹ ደግሞ ሙሉውን አብሬያቸው ካላየሁ አይሰጡኝም። በዚህ ሰበብ ስንት የማላውቀው ሕፃን ክርስትና ላይ ታድሜአለሁ!

ባለፈው ወር አንድ ፊልም ሠሪ የድሮውን የዱርንፎንቴን ሰፈር መንገድ ምስል ፈለገ። እኔም የራሴ ፍለጋ ነበረኝ። ባለቤቴ እዚሁ ጆሃንስበርግ የሐበሻ ሠርግ ይቀርጽ ነበር፤ ካረፈ ዓመት ሊሞላው ነው። ካሜራ የያዘ ሰው ምስል ውስጥ አይገባም፤ ካሴቶቹንም ለባለሠርጎቹ ያስረክባል እንጂ ቤት አያስቀርም። ፎቶው አለኝ። ድምፁ ግን የለኝም። አንዲት ቃል ትበቃኝ ነበር።

እሱ ከቀረጻቸው ሙሽሮች አንዷን፣ አሁን መጋረጃ የምትነግደውን፣ ሂልብሮው ሰፈር አገኘኋት፤ የሠርጓ አጀብ በዚያ መንገድ አልፎ ነበር። ዘጠነኛ ፎቅ፤ ሊፍቱ አይሠራም። የካሴት ማጫወቻዬን ተሸክሜ እያለከለክሁ ደረስኩ።

«ካሴቱስ አለ እትዬ፣» አለችኝ መጋረጃ ነጋዴዋ፤ «ግን የፈታሁት ሰውዬ አለበት።»

«እኔ የምፈልገው መንገዱን ነው።»

«መንገዱ ላይ የሚነዳው እሱ ነዋ!»

«ፊቱን እናደበዝዘዋለን።»

«ፊቱን ብቻ? ጠቅላላውን አደብዝዙልኝ!»

ተስማማን። መንገዱ መጣ፤ የሠርጉ መኪኖች ከታክሲዎቹ ጋር በጡሩንባ ሲፎካከሩ፣ አንዲት ሙዝ ሻጭ ትሪዋን በራሷ ተሸክማ ስትጨፍር። ደቂቃውን ጻፍኩ። ሥራዬ አለቀ። ሴትየዋ ልታጠፋው እጇን ስትዘረጋ ያዝኳት።

«ግብዣውን አሳዪኝ።»

«ሰው ሲበላ ማየት ምን ያደርግልሻል?»

«ምስሉ እስኪያዘነብል ብቻ።»

የባለቤቴ ካሴቶች ሁሉ ግብዣው ላይ ሲደርሱ ምስላቸው ያዘነብላል። ባለሠርጎች ያማርሩ ነበር። እኔን «ትከሻዬ ይደክመኛል» ይለኝ ነበር፤ እኔም አምነው ነበር። ማታ ሲመለስ ራቱን እያቀረብኩ «ቀኑን ሙሉ አቁመው ሳያበሉ ይልኩሃል!» ብዬ ባለሠርጉን ሁሉ እራገም ነበር። እሱም ሳህኑን ጠርጎ ይበላል።

ምስሉ አዘነበለ። ጡጫ የሚያህል ጉርሻ የያዘ እጅ ከታች መጣና ሌንሱን አልፎ ወደ ላይ ሄደ። ከዚያ ጣሪያ ብቻ።

«የእናቴ እጅ!» አለች ሴትየዋ።

አፉ የሞላ ሰው ድምፅ፣ ጆሮዬ ሥር ያለ ያህል ቀርቦ፦ «በቃኝ እማማ! ቤቴ ራት ይጠብቀኛል።»

«አንድ ጉርሻ ያጣላል፤ ድገም ልጄ!»

«እሺ፤ ብቻ ለሚስቴ እንዳይነግሩብኝ።»

ካሴቱን ስድስት ጊዜ ወደ ኋላ መለስነው። በመጀመሪያው አለቀስኩ፤ በሦስተኛው ሁለታችንም ሳቅን። በስድስተኛው ሴትየዋ ዓይኗን እየጠረገች ጠየቀችኝ፦

«ይኸ ሁሉ ጉርሻ ገብቶለት፣ ያንቺን ራት ምን ያደርገው ነበር?»

«ይበላዋል፣» አልኳት። «አንድም ቀን አላስተረፈም።»