የሉማሪ መጽሐፍና የማር ገንቦዬ ክዳን

ማክሰኞ ማለዳ፣ ቦንጋ

ስልኩ ሲጮህ ኮረሪማ እየፈለፈልኩ ነበር። ጋሽ ኃይሌ ናቸው፤ ልጄ ሰብለ አስተማሪ ሆና ቢታ ገነት ስትመደብ ቤት ያከራዩዋት ሽማግሌ።

«እትዬ አልማዝ፣ ቶሎ ይምጡ» አሉኝ። «ሰው ደጃፌ ላይ ቆሟል። ልጅቷ ከቤተ ክርስቲያን የጥንት መጽሐፍ ሰርቃ ደብቃለች ይላሉ። የኔ ነው ብትል ማን ይመናት። ጎረምሶቹን እስከ ማታ እንኳ የምይዛቸው አይመስለኝም።»

ወሬው ከማን አፍ እንደወጣ አውቃለሁ። ከእኔው ነው።

መጽሐፉን የሠራችው ሰብለ ናት። ከልጅነቷ ጀምሮ ሉማሪ የምትላት፣ ካርታ ላይ የሌለች አገር አለቻት፤ ነገሥታቷን፣ ጸሎቷን፣ ፊደሏን ሳይቀር ራሷ ነች የፈጠረችው። አባቴ ብራና ፋቂ ስለነበሩ ሙያውን አስተምረዋታል። ለመስቀል ያረድነውን ፍየል ቆዳ ወጥራ ፋቀችና ጻፈችበት። ምስጥ እንዳይበላው ብላ ከምድጃው በላይ ቆጥ ላይ ሰቀለችው፤ ጭሱ በጥቂት ወር የመቶ ዓመት አስመሰለው።

ገበያ ላይ ሴቶች «ያቺ አስተማሪ ልጅሽ ምንድን ነው የምትጽፈው?» ሲሉኝ፣ ደመወዝተኛ ሴት የሌለ አገር ትጽፋለች ማለት አሳፈረኝ። «የጥንት የምስጢር መጽሐፍ ነው፤ ከአባቶች የመጣ» አልኳቸው። እኔ ከአራተኛ ክፍል ነው ያቆምኩት። የጥንት ያሉት ነገር ሁሉ የሚያስከብር ይመስለኝ ነበር። ከሴቶቹ አንዷ ቢታ እየተመላለሰች የምትነግድ ናት።

ምን ይዤ ልሂድ? ወዲያ ወዲህ ስል ዓይኔ ማር ገንቦው ላይ አረፈ። ከብራናው የተረፈውን ቁራጭ ክዳን አድርጌው ነበር። ፈትቼ በፌስታል ጠቀለልኩና ወጣሁ።

ሺሺንዳ፣ አራት ሰዓት ገደማ

ሚኒባሱ ውስጥ አራት ሰው በሚቀመጥበት አምስት ሆነን ነው የመጣነው። ጭጋጉ ከጫካው ላይ አልተነሣም፤ ሾፌሩ ኩርባው ላይ ሁሉ ጡሩንባ ይነፋል። እኔ መኪናውን በልቤ እየገፋሁት ነበር። ሺሺንዳ ላይ የቢታውን መኪና ስይዝ አንዲት ንብ ፌስታሌን ተከትላ ገባች።

«እትዬ፣ ምንድን ነው የያዙት?» አለ ሾፌሩ።

«የማር ገንቦ ክዳን።»

«ማሩንስ ለማን ትተውት ነው?»

መኪናው በሙሉ ሳቀ። እኔም ሳላስበው ሳቅሁ፤ ሳቄ ሳያልቅ እንባዬ መጣ። አጠገቤ የነበረች ሴት ከዘንቢሏ የተቀቀለ ጎደሬ አውጥታ ልጣ ሰጠችኝ። «ብዪ እህቴ» አለችኝ። «ባዶ ሆድ ፍርሃት ያበዛል።»

ቢታ ገነት፣ ከሰዓት በኋላ

መኪናው ጭቃ ያዘው። ወርጄ ጫማዬን በእጄ ይዤ የቀረውን በእግሬ ሄድኩ።

የጋሽ ኃይሌ በር ላይ ሃያ የሚሆን ሰው አለ። ሰብለ በረንዳው ላይ መጽሐፉን ደረቷ ላይ ታቅፋ ተቀምጣለች፤ ፊቷ አመድ መስሏል። አንድ አዛውንት መሪጌታ አጠገቧ በመቋሚያቸው ተደግፈው ቆመዋል።

«እማ፣ ለምን መጣሽ?» አለችኝ።

ወደ ሰዉ ዞርኩ። «የዋሸሁት እኔ ነኝ» አልኩ። «የጥንት ነው ያልኩት እኔ ነኝ። ልጄ ናት የጻፈችው። አፍሬባት ነው።»

«እናት ለልጇ ምን የማትለው አለ?» አለ አንዱ ጎረምሳ።

ፌስታሉን ፈታሁ። መሪጌታው መጽሐፉን ከሰብለ ተቀብለው የመጨረሻውን ቅጠል ዘረጉ፤ ክዳኔን ከጠርዙ አጋጠሙት። ያንን የመስቀል ፍየል በግልገልነቱ ጅብ ጎኑን ነክሶት ድኖ ነበር። የንክሻው ቀዳዳ ግማሹ ቅጠሉ ላይ፣ ግማሹ ክዳኔ ላይ ነው። ገጠመ። መሪጌታው አሸተቱት፤ ጣታቸውን ላሱ።

«የጥንት መጽሐፍ ብዙ አይቻለሁ» አሉ። «ማር ማር የሚል ግን አላጋጠመኝም። በሉ ወደየቤታችሁ።»

ሰዉ ቀስ በቀስ ተበተነ። ያ ጎረምሳ ሲያልፍ «ይቅርታ፣ ቲቸር» አላት፣ መሬት መሬት እያየ። መሪጌታው መጽሐፉን ሲመልሱላት «አፋፋቁ የባለሙያ ነው፤ ማን አስተማረሽ?» አሏት። «አያቴ» አለች፤ ያኔ ነው ያለቀሰችው።

ረቡዕ፣ የመልስ መንገድ

ርእሰ መምህሩ ሁለት ቀን ፈቀዱላትና አብረን ተሳፈርን። ሺሺንዳን ካለፍን በኋላ፣ እስከዛሬ ጠይቄያት የማላውቀውን ጠየቅኋት።

«ምን ይላል?»

የመጀመሪያውን ቅጠል ገለጠች። «በሉማሪ መጽሐፍ የሚጠብቀው ማንበብ የማይችል ሰው ነው። አንዲት ቃል አይለውጥበትምና።»

«እኔ ግን ለወጥኩበት» አልኳት።

«አዎ» አለች፤ ራሷን ትከሻዬ ላይ ጣል አደረገች። «ግን የጎደለውን ይዘሽልኝ መጣሽ።»

ረቡዕ ማምሻ፣ ቦንጋ

ሰብለ ክዳኔን በቃጫ ክር ከመጽሐፉ ጋር ሰፋችው፤ የመጨረሻው ቅጠል እሱ ሆነ። ገንቦውን በፌስታል ከድኜዋለሁ። ቅዳሜ ገበያ ስወጣ እነዚያን ሴቶች ፈልጌ፣ ልጄ የሌለ አገር ትጽፋለች እላቸዋለሁ። ቢስቁም ይሳቁ፤ ሳቅ ሰው አይደበድብም።

ቤታችን ገብተናል። ልጄ እዚሁ አጠገቤ ጫማዋን ከጭቃ እያጸዳች ነው። ደኅና ነን።