እናቴ ያላስነካችው መንደር

የመንደራችንን ታሪክ የሚናገር ሰው ሁሉ የሚጀምረው ከራሱ አያት ነው። ደኑን መንጥሮ መጀመሪያ የሰፈረው የእኛ አያት ነው ሲባል ሰምቼ አደግሁ፤ ማዶ ያሉት ሙስሊም ጎረቤቶቻችን ደግሞ የእኛ ነው ብለው ይምላሉ። እውነቱን የሚያውቅ የለም፤ ክርክሩ ግን ይጣፍጣል። ከቡታጅራ ገበያ በእግር የሚደረስባት ትንሽ መንደር ናት። መሃሏን ጀፎሮው፣ ማለትም ሣር የለበሰው ሰፊ የመንደር ጎዳና፣ ይዘልቃታል፤ ቤቶቹ ግራና ቀኝ ፊታቸውን ወደ እሱ መልሰው ቆመዋል። ላይኛው ጫፍ ላይ ትልቅ ዝግባ አለ፣ ታችኛው ጫፍ ላይ ምንጭ። ሠርጉም ለቅሶውም የፈረስ ግልቢያውም እዚያው ጀፎሮው ላይ ነው።

እናቴ ከዚህ ሁሉ አንዱም እንዲነካ አትወድም ነበር። ታላቅ ወንድሜ እኔ ሳልወለድ፣ ገና ትንሽ ልጅ ሳለ፣ ከአንድ ነጋዴ ዘመዳችን ጋር አዲስ አበባ ሄዶ እዚያው ጠፋ። አንዱ ጅማ አየሁት ይላል፣ ሌላው አሰብ። እናቴ የሚያሳስባት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ የመጣ ቀን ቤቱን በምን ያውቀዋል?

በጃንሆይ የመጨረሻ ዓመታት ቆርቆሮ ቡታጅራ እንደ ልብ መገኘት ሲጀምር፣ አባቴ ጣሪያችንን ሊቀይር ተነሣ።

«ልጁ እንደሆነ ከተሜ ሆኗል፤ ቆርቆሮ ቢያይ ደስ ይለዋል» አላት።

«የሰው ቤት መስሎት ቢያልፍስ?»

አባቴ እያጉረመረመ ጣሪያውን እንደገና በሣር ከደነው። ቀጥሎ ዝግባው ደረቀ። ሽማግሌዎቹ ከብት ላይ ሳይወድቅ ይቆረጥ ብለው ቢወስኑ፣ እናቴ መሃላቸው ገብታ አይሆንም አለች። ከማዶ ጎረቤቶቻችን አንዱ አዛውንት፣ «ተዉአት፤ ኢንሻአላህ ልጇ ይመጣል» ብለው ገላገሏት። ከዚያ ወዲያ የመንደሩ ከብት ሁሉ የደረቀ ዛፍ እየዞረ ያልፍ ጀመር። እኔ በበኩሌ ወንድሜ ላይ እቀና ነበር። ለማላውቀው ሰው ተብሎ መንደር ሙሉ ሲጠበቅ እንዴት አልቀና!

በአንድ የመስቀል ሰሞን፣ አገሩ ሁሉ ከአዲስ አበባ በሚገባበት ጊዜ፣ ኮት የለበሰ፣ ባርኔጣ የደፋ ቦርጫም ሰው ከዝግባው በኩል ወረደ። ማንንም አልጠየቀም። በየቤቱ ፊት ቆም እያለ ለብቻው ፈገግ ይላል። ከዚያ በቀጥታ በእኛ የአጥር በር ገባ። እናቴ ደጃፍ ተቀምጣ ለበዓሉ ጎመን ትቀነጥስ ነበር። ቶሎ ብላ ተነሣችና እጇን ቀሚሷ ላይ ጠረገች፤ እንግዳ አክባሪ ናትና እጅ ነሣችው።

«እንደምን ዋሉ ጌታው፤ የማንን ቤት ፈልገው ነው?»

ሰውየው ባርኔጣውን አወለቀ፤ ፀጉሩ ሳስቷል።

«ቤቱንስ አውቄዋለሁ፣ እማዬ» አለ።

እናቴ ትክ ብላ አየችው። ከዚያ በትከሻው ላይ አሻግራ ወደ ጀፎሮው ተመለከተች፤ ትንሹን ልጅ ነበር የምትፈልገው።