ከበሮው የእኛ፣ መቺው የማን?

ሲሊዮ ቴሊስማ የተወለደው ከሸንኮራ አገዳ እርሻ መሀል፣ ለቆራጮች በተሠራ የቆርቆሮ ደሳሳ ቤት ውስጥ ነው። አባቱን ከሄይቲ ድንበር አሻግረው ወደ ዶሚኒካን ያመጡት የስኳር ፋብሪካው ሰዎች ናቸው፤ በጭነት መኪና፣ እንደ ከብት አቁመው። አገዳ ሲቆርጥ ኖሮ አገዳ ሲቆርጥ ሞተ። ልጁ ግን እጄን ለቆንጨራ አልሰጥም አለ፤ ለፍየል ቆዳ ሰጠው።

ታምቦራ ጭን ላይ ተጋድሞ የሚመታ ከበሮ ነው። ቀኝ እጅ በዱላ፣ ግራ እጅ በባዶ መዳፍ። የሲሊዮ ግራ መዳፍ እንደ ጫማ ሶል ደድሮ ነበር። በእኛ መንደር በሎማ ሴካ ያለ እሱ ሠርግ አይሞቅም፣ ክርስትና አይደምቅም። እሱ ሲመታ አሮጊቶች ወገብ እንዳላቸው ትዝ ይላቸዋል።

አኮርዲዮን የምትጫወተው ኑሪስ ታቫሬስ ናት፤ ሲጋራዋን ጆሮዋ ላይ የምትሰካ፣ ምላሷ ምላጭ የሆነ ሴት። የሲሊዮን ልጅ ክርስትና ስላነሳች አበልጅ ይባባላሉ። ሦስተኛው ኪልቪዮ ነው፤ ጊራ የምንለውን ቀዳዳ ቀዳዳ ቆርቆሮ በሽቦ የሚፍቅ ቀልደኛ። የአገራችን ጭፈራ መረንጌ ማለት እነዚህ ሦስቱ ናቸው። አኮርዲዮኑን ጀርመኖች በትንባሆአችን ለውጠው ትተውት ሄዱ፤ ፍቂያው ከጥንቱ የአገሬው ሰው ቅል የመጣ ነው ይላሉ፤ ከበሮው በሰንሰለት ታስረው ከመጡት ጥቁሮች ነው። ይህን ለማወቅ ሊቅ መሆን አያሻም፤ ጆሮ ይበቃል።

ታዲያ አንድ ቀን የአገሪቱ ፍርድ ቤት፣ ወረቀት ከሌላቸው ባዕዳን የተወለደ ሰው እዚህ ቢወለድም የእኛ አይደለም ብሎ ወሰነ። ሲሊዮ ዜጋ ሆኖ ተኝቶ ባዕድ ሆኖ ነቃ። አልጋው ያው፣ ጎረቤቱ ያው፣ ዶሮዎቹ ያው። ከዚያ ወዲህ ሰው የሚለቅመው የመንግሥት መኪና በመጣ ቁጥር ትንባሆ ማድረቂያው ውስጥ ይገባ ነበር። ኪልቪዮ፣ «ሲሊዮ እኮ ከቅጠሉ ጋር ሊደርቅ ነው፤ አንድ ቀን ጠቅልለን እናጨሰዋለን» እያለ ይቀልድበት ነበር። ሲሊዮም ይስቃል። እኔ ግን አያስቀኝም ነበር።

በኅዳር የመረንጌ በዓል ሲደርስ የበዓሉ ኮሚቴ ሊቀ መንበር ዶን አማንሲዮ፣ መድኃኒት ቤት ያለው፣ ወደ ኑሪስ ቤት መጣ። ከዋና ከተማ እንግዶች አሉ፣ ካሜራ አለ፣ ሁሉ ነገር አገርኛ መሆን አለበት አላት። ስለዚህ ሲሊዮ ከበሮው ጋ አይቀመጥም፤ በእሱ ቦታ የዶን አማንሲዮ ሚስት ወንድም ይመታል። ሲሊዮ ከፈለገ ከኋላ ሆኖ ይብላ። እንግዶቹ የድሮውን ወግ እንዲያዩ ደግሞ ጭፈራው በእግር ዙረት ይጀመር አለ።

ይህ ዙረት የአያቶቻችን ነው። ዜማው ሲነሳ ወዲያው አይጨፈርም፤ ጥንዶች ክንድ ለክንድ ተያይዘው በእርጋታ ሜዳውን ይዞራሉ። አኮርዲዮኑ ለከበሮው በራስ ንቅናቄ ምልክት ሲሰጥ፣ ከበሮው ሲገባ፣ ያኔ ነው መተቃቀፍ። አማንሲዮ ይህን ሲያዝዝ ገመዱን በገዛ እጁ ለኑሪስ ማቀበሉ አልገባውም። ኑሪስ እሺ አለችው፤ ቡናም አላቀረበችለትም።

ሲሊዮ ነገሩን ሲሰማ በእሷ ላይ ነው የተቆጣው። ይለፍ፣ አንድ ቀን ነው፣ ሥጋዬን ጠብሼ በልቼ እመለሳለሁ አላት። አይኗን አይቶም ጨመረበት፤ «አበልጅ፣ በእኔ ቆዳ ጀግና እንዳትሆኚ።»

እሑድ ከሰዓት አደባባዩ ሞላ። ዶን አማንሲዮ ንግግር አደረገ። ከበሮው ከስፔን በመርከብ መጣ አለ። መረንጌ ስንጨፍር አንድ እግራችንን የምንጎትተው ደግሞ በጦርነት እግሩን የቆሰለን ጄኔራል ለማክበር ነው አለ። ሌሎች ሽማግሌዎች ከሰንሰለቱ ነው ይላሉ፤ አገዳ ቆራጩ ባሪያ እግሩ ታስሮ ሌላ እንዴት ሊጨፍር ይችላል? የትኛው እውነት እንደሆነ አላውቅም። የማውቀው እነዚህ ሰዎች ለጄኔራል ቁስል ባርኔጣ እንደሚያወልቁ፣ ለባሪያ ሰንሰለት ግን አንገታቸውን እንደሚያዞሩ ነው። አያቶቻቸው ይህንኑ ዘፈን የብልግና ነው ብለው ከክለባቸው ያባርሩት ነበር። በኋላ አገሪቱን የገዛው አምባገነን ጨፍሩ ሲላቸው ጨፈሩ። ዛሬ በዓል አደረጉት።

ኑሪስ ዙረቱን ጀመረች። ዶን አማንሲዮ ከሚስቱ ጋር ፊት ሆነ፤ እንግዶቹ ተከተሉ። አንዴ ዞሩ። ደገሙ። የሚስቱ ወንድም ዱላውን አንስቶ ምልክት ይጠብቃል፤ እሷ ዐይኗን ጨፍና ያንኑ ዜማ ትመልሳለች። ፀሐዩ ያቃጥላል። የአማንሲዮ ሚስት የፊት ቅባት በአንገቷ ይወርድ ጀመር። አሁንም ዞሩ። ሕዝቡ መንሾካሾክ ጀመረ። ሙዝ የምትጠብሰው ሴትዮ ከምድጃዋ ሆና፣ «ዶን አማንሲዮ፣ አስከሬኑስ የታለ?» ስትል አደባባዩ በሳቅ ፈረሰ።

ሰውዬው መድረኩ ላይ ወጣ። ምን ሆነሻል አላት።

«ከበሮ መቺዬ አልመጣም።»

«ይኸው ተቀምጦ የለም እንዴ?»

«እሱ አማችዎ ነው» አለች፣ ጣቷን ከአኮርዲዮኑ ሳታነሳ። «እኔ የምልዎት ከበሮ መቺ ነው፤ ሲሊዮ! ካልሆነ ይዙሩ። እግር አላችሁ፣ እኔም እጅ አለኝ።»

እንግዶቹ ሰዓታቸውን ያዩ ነበር። አማንሲዮ ጥርሱን ነክሶ፣ ሲሊዮን ጥሩልኝ አለ። ሲሊዮ ከምድጃው ኋላ እጁን በሱሪው እየጠረገ መጣ። ደስታ ፊቱ ላይ አልነበረም። ሲቀመጥ ኑሪስን ያላትን ኪልቪዮ አጠገባቸው ሆኖ ሰምቶታል፤ «አበልጅ፣ ገደልሽኝ።»

ከዚያ መዳፉን ቆዳው ላይ አሳረፈ።

እንዴት እንደመታ አልተርክም፤ የነበረ ያውቀዋል። ንዴቱን ሁሉ ከበሮው ውስጥ ከተተው። ሴትዮዋ ሙዟን አሳረረች። ከዋና ከተማ የመጡት ከነክራቫታቸው ተወዘወዙ። ዶን አማንሲዮ ራሱ ያንን የጄኔራሉን እግር እየጎተተ ሚስቱን አቅፎ ዞረ።

ያ ሰው የሚለቅመው መኪና ጥግ ላይ ቆሞ ነበር። ማን እንደጠራው እስካሁን የሚናገር የለም፤ አማንሲዮ እኔ አይደለሁም ይላል። ጨዋታው እንዳበቃ ሁለት ሰዎች ሲሊዮን በብብቱ ይዘው ወሰዱት። ኑሪስ አኮርዲዮኗን እንዳነገተች ሮጣ የመኪናውን ብረት ያዘች፤ ገፍተው ጣሏት። ሌላው ሰውስ? አደባባይ ሙሉ ሰው፣ ላቡ በከበሮው የወጣ፣ ላቡ ገና ያልደረቀ ሰው፣ ቢራውን ጨብጦ ያይ ነበር። ያዦቹ ሁለት ነበሩ።

ከድንበሩ ወንዝ ማዶ፣ ሄይቲ ጣሉት። ቋንቋቸውን የሚያውቀው አባቱ ሲሳደብ የሰማውን ያህል ነው። እነሱም «ዶሚኒካኑ» ይሉታል። ሚስቱና ልጁ እዚህ ናቸው፤ ድልድዩ ለገበያ ሲከፈት ሄደው ያዩታል።

መንደሩ የሚወቅሰው ማንን ነው? ኑሪስን። እሷ ናት ያስያዘችው፣ ዝም ብትል ምን ነበረበት ይላሉ። እሷም አልካደችም፤ ያስጠራሁት እኔ ነኝ ትላለች። ሰውየውን ያባረረው ባዕድ ያደረገው ሕግ ሳይሆን ስሙን ጮክ ብላ የጠራች ሴት ሆነች! ይህን የሚሉት በየሳምንቱ በእሱ ከበሮ ልጆቻቸውን የዳሩ ሰዎች ናቸው።

ዘንድሮ ኅዳር ሲደርስ ዶን አማንሲዮ ሳያፍር ወደ ኑሪስ ቤት መጣ። በዓሉ ከበሮ ይፈልጋል፣ አንድ ሰው አትጠቁሚልንም ወይ አላት። ከበሩ አላሳለፈችውም።

«ወንዙን ተሻግረው ይጠይቁት» አለችው። «ወረቀትዎን ግን አይርሱ። እዚያ ባዕዱ እርስዎ ነዎት።»

በዓሉ በድምፅ ማጉያ በተለቀቀ የተቀዳ ዘፈን ተከበረ፤ ኑሪስም ኪልቪዮም አልሄዱም። ሕዝቡ ግን ሄደ፣ እስኪመሽም ጨፈረ። የሚያንገበግበኝ አማንሲዮ አይደለም፤ ይሄ ነው።