የጋለች ገንቦ ይዤ ሰላምታ ስሰጥ

ዛሬ ጠዋት እንደ ፍም የቀላች ገንቦ በረጅም መቆንጠጫ ይዤ፣ ደብረ ብርሃን ግቢያችን መሃል ቆሜ ሰላምታ እሰጥ ነበር።

ገንቦዋ እናቴ እጇ ሳይታመም የሠራቻት የመጨረሻዋ ናት። ራኩ የሚባለውን የጃፓኖች አሠራር ስልኬ ላይ አይታ «የእኔንም እንዲህ አድርጊልኝ» ያለችኝ ራሷ ናት።

ራኩ ችኮላ ነው። እሳት ላይ እንደ መስታወት የሚሆን ቀለም የተቀባው ሸክላ እንደጋለ ከእሳት ይወጣና ወዲያው ጭድ ያለበት በርሜል ውስጥ ገብቶ ይከደናል። በመሃል ነፋስ ካገኘው ሊሰነጠቅ ይችላል። የእኛን ከተማ ነፋስ ደግሞ ታውቁታላችሁ።

ልክ ሳወጣት ጎረቤታችን እትዬ አስካለ በሩን ገፍተው ገቡ። «እንዴት አደራችሁ?»

እኔም ጎንበስ ብዬ «እግዚአብሔር ይመስገን፣ እርስዎ እንዴት አደሩ?»

«ልጆቹስ?»

«ደኅና ናቸው።» (እናቴ ፊት ትልቅ ሰው አቋርጬ ልሂድ?)

«ገንቦዋን» አለች እናቴ፣ ቀስ ብላ።

ከትቼ ከደንኩ። ከበርሜሉ ውስጥ ጧ አለ። ደግሞ ጧ። እትዬ አስካለ አፋቸውን በነጠላ ያዙ።

ስከፍተው ገንቦዋ ቅርጿ ሙሉ ነው፤ ላይዋን ግን ጥቁር ስንጥቅ እንደ ሸረሪት ድር ሸፍኖታል። ቀለሙ እንዲህ መሰንጠቁ የራኩ ውበት ነው። ሸክላው አብሮ ይሰንጠቅ አይሰንጠቅ ግን በዓይን አይለይም።

«አንኳኪያት» አለችኝ እናቴ። ገበያ ላይ እንደምናደርገው ነው፤ ደኅናው ጥርት ብሎ ይጮኻል፣ የተሰነጠቀው ድምፁ ይታፈናል።

እናንተስ፣ መልሱን ላለመስማት ሥራ ፈጥራችሁ ታውቃላችሁ? ጻፉልኝ። እናቴ አጠገቤ ተቀምጣ እየጠበቀች ነው፤ እኔ ደግሞ ማንኳኳት ባለብኝ ጣት ይህን እጽፋለሁ።